ኖራና ዜማ፤ የግንበኛው የካርል ፍሪድሪኽ ጼልተር ሕይወት

አንባቢዎቼ ሆይ፤ «የቆጡን አወርድ ብላ የብብቷን ጣለች» የሚለውን ተረት ከመካከላችሁ የማያውቅ የለም። ቀን በመሥሪያ ቤት ውሎ ማታ ደብተሩን ይዞ ወደ ትምህርት የሚሮጥ ወጣትም ይህን ተረት አንድ ቀን ከዘመድ አፍ ሳይሰማ አይቀርም። «የያዝከውን እንጀራ አጥብቀህ ያዝ፣ ሌላው ይቅርብህ» ይሉታል። ምክሩ ክፉ ምክር አይደለም፤ የብብቱን ጥሎ ባዶ እጁን የቀረ ብዙ ሰው አለና። ዳሩ ግን የቆጡንም ያወረደ፣ የብብቱንም ያልጣለ ሰው ጨርሶ አልታየም ማለት አይደለም። ዛሬ በዚህ ዓምድ የምንተርክላችሁ የእንደዚህ ያለውን ሰው ታሪክ ነው። ስሙ ካርል ፍሪድሪኽ ጼልተር ይባላል። አገሩ ጀርመን፣ ከተማው በርሊን፣ የእጁ ሙያ ግንበኝነት፣ የልቡ ሙያ ደግሞ ዜማ ነበረ።

ስሙን ሰምታችሁት የማታውቁ ብትሆኑ አያሳፍርም። ከባኽና ከሜንደልሶን ስም አጠገብ ሲቆም የጼልተር ስም ትንሽ ነው። ነገር ግን የእነዚያ የሁለቱ ሰዎች ሥራ ለዓለም እንዲዳረስ ከደከሙት እጆች መካከል አንዱ ይህ ኖራ የነካው እጅ ነበረ። እንዴት እንደ ሆነ ታሪኩን ተከተሉ። (በዚህ ጽሑፍ የሚጠቀሰው ዘመን ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ነው።)

የግንበኛው ልጅ

ጼልተር በዲሴምበር 11 ቀን 1758 በበርሊን ተወለደ። አባቱ የታወቀ ግንበኛ ነበረ፤ የጡብ ሥራም ነበረው። በዚያ ዘመን የአባት ሙያ ለልጅ እንደ ርስት የሚተላለፍ ነበረና፣ ልጁ ገና በልጅነቱ ቫዮሊንና ክላቪር ተምሮ ጣዕሙን ቢቀምስም፣ አባትየው የፈለገው ቱምቢውንና የግንበኝነቱን ሥራ እንዲወርስለት ነበረ።

ግንበኝነትም እንዲሁ በዋዛ የሚገባበት ሥራ አልነበረም። ወጣቱ በመጀመሪያ ተለማማጅ ሆኖ ድንጋይና ኖራ ያቀብላል፤ ቀጥሎ ሥራው ሲታመንበት ከባለሙያዎች ተርታ ይገባል፤ በመጨረሻም በሙያው ማኅበር ፊት ተፈትኖ የአለቃነት ማዕረግ ያገኛል። ጼልተር ይህን መሰላል አንድ በአንድ ወጥቶ በ1783 የግንበኞች አለቃ ሆነ። እንግዲህ እንጀራው ተቈርጦለታል፤ ሥራው የተከበረ፣ ገቢውም የተረጋገጠ ነው። ሌላ ሰው ቢሆን «ተመስገን» ብሎ ይቀመጥ ነበር።

እርሱ ግን አልተቀመጠም። በዚያን ጊዜ በበርሊን የዜማን ድርሰት ጠንቅቆ የሚያውቅ ካርል ፍሪድሪኽ ክርስቲያን ፋሽ የሚባል ትሑት ሰው ነበረ። ፋሽ የፕሩሲያው ንጉሥ የታላቁ ፍሪድሪኽ ክላቪር መቺ ነበረ። ንጉሡ ራሱ ዋሽንት የሚነፋ ሰው ስለ ነበረ፣ እርሱ ሲነፋ በክላቪር የሚያጅበው ባለሙያ ያስፈልገው ነበር። ንጉሡ የሚኖረው በፖትስዳም ስለ ሆነም፣ ፋሽ ተራው በደረሰ ቁጥር በርሊንን ትቶ ወደዚያው መሄድ ግድ ይሆንበታል። ከ1784 ጀምሮ የፋሽ ተማሪ የሆነው ጼልተር ታዲያ መምህሩ ፖትስዳም በሚሆንበት ጊዜ ትምህርቱን አላቋረጠም። ከበርሊን ተነሥቶ በእግሩ እየሄደ ይማር ነበር።

ከበርሊን እስከ ፖትስዳም ወደ ሠላሳ ኪሎ ሜትር ይሆናል። የዚያን ዘመን መንገድ አስቡት፤ ባቡር የለ፣ መኪና የለ። የሃያ አምስትና የሃያ ስድስት ዓመት ሰው፣ እርሱም የሠራተኞች አለቃ የሆነ፣ ስለ አንድ የትምህርት ሰዓት ይህን ያህል መንገድ በእግሩ ይሄዳል። መልመጃውን አሳይቶ፣ ስሕተቱ ታርሞለት፣ ተመልሶ ደግሞ ሕንፃው ወዳለበት ቦታ ይመጣል። በ1786 ታላቁ ፍሪድሪኽ በሞተ ጊዜ ጼልተር የኀዘን ዝማሬ ደርሶ አቀረበ። ግንበኝነቱን ግን አልተወም፤ ከዚያም በኋላ ለብዙ ዓመታት ቤት እየሠራ ቤተሰቡን ያስተዳድር ነበር።

ሃምሳ ሎሚ

ፋሽ አንድ ምኞት ነበረው። ለዐሥራ ስድስት ድምፅ የሚሆን ታላቅ የቅዳሴ ዜማ ደርሶ ነበር። ዐሥራ ስድስት ድምፅ ማለት ዐሥራ ስድስት የተለያየ መንገድ ያለው ዜማ በአንድ ጊዜ ሲሰማ ማለት ነው፤ አንዱ ሲወጣ አንዱ ይወርዳል፣ አንዱ ሲጀምር ሌላው ይመልሳል። እንዲህ ያለውን ሥራ በሚገባ የሚዘምርለት ጓድ ግን በከተማው አላገኘም። ስለዚህ ራሱ ሊያሠለጥን ተነሣ። በ1791 ሠላሳ እንኳ የማይሞሉ ሰዎች ሰብስቦ የመዝሙር ማኅበር አቋቋመ። ይህ ማኅበር «ዚንግአካዴሚ» ተባለ፤ የመዝሙር አካዳሚ ማለት ነው። ጼልተር በዚያው ዓመት ገባበት።

የማኅበሩን ልዩነት ልብ በሉ። ዘማሪዎቹ በዜማ የሚተዳደሩ ሰዎች አልነበሩም፤ የመንግሥት ሠራተኞች፣ ነጋዴዎች፣ የእጅ ባለሙያዎች፣ ሚስቶቻቸውና ሴቶች ልጆቻቸው ነበሩ። በብዙ ቤተ ክርስቲያን ከፍተኛውን ድምፅ የሚዘምሩት ትንንሽ ወንዶች ልጆች በነበሩበት ዘመን፣ እዚህ ሴቱም ወንዱም አብሮ ቆሞ ይዘምር ነበር። ልምምዱ በየማክሰኞው ነው። ሰው ሥራውን ጨርሶ ይመጣል፣ ድምፁን ያስተካክላል፣ የጎረቤቱን ድምፅ መስማት ይማራል።

«ሃምሳ ሎሚ ለአንድ ሰው ሸክሙ፣ ለሃምሳ ሰው ግን ጌጡ ነው» ይባላል። የጓድ መዝሙር ምሥጢሩ ይኸው ነው። ብቻውን ቢቆም የማይሰማ ደካማ ድምፅ፣ ከሌላው ጋራ ሲገጥም ኃይል ያገኛል። ብቻውን ሲዘምር ትንፋሹ የሚያልቅበት ሰው፣ ጎረቤቱ ሲተነፍስ እርሱ እየያዘ፣ እርሱ ሲተነፍስ ጎረቤቱ እየያዘለት ረጅሙን ዜማ ሳይቆረጥ ያደርሱታል። ይህን ደግሞ ከግንበኛ ይልቅ ማን ያውቃል? ግድግዳ የሚቆመው ጡቡ ሁሉ እኩል ስለ ጠነከረ አይደለም፤ የላይኛው የታችኛውን መጋጠሚያ እየሸፈነ ስለ ተደረደረ ነው።

ፋሽ በ1800 ሲሞት ማኅበሩን የመምራት ኃላፊነት በጼልተር ላይ ወደቀ። መጀመሪያ ካደረጋቸው ነገሮች አንዱ በ1801 የመምህሩን የሕይወት ታሪክ ጽፎ ማሳተም ነው። ከዚያ በኋላ እስከ ዕለተ ሞቱ ድረስ፣ ሠላሳ ሁለት ዓመት ያህል፣ ማኅበሩን መራ። በጥቂት ሰዎች የተጀመረው ጓድ በእርሱ ዘመን በብዙ መቶ የሚቆጠር አባል አፈራ፤ በሌሎች የጀርመን ከተሞችም የእርሱን አርአያ የተከተሉ ማኅበሮች ተነሡ። በ1827 ማኅበሩ በበርሊን መካከል የራሱን አዳራሽ ሠርቶ ገባ። ዛሬ ወደ በርሊን የሚሄድ ሰው ያንን ሕንፃ ያገኘዋል፤ ከ1952 ጀምሮ ማክሲም ጎርኪ የተባለው ቲያትር ቤት የሚሠራው በእርሱ ውስጥ ነው።

ከ«እርስዎ» ወደ «አንተ»

ጼልተር የመዝሙር መምህር ብቻ አልነበረም፤ ወደ ሁለት መቶ የሚጠጉ የግጥም ዜማዎችንም ደርሷል። እነዚህ በአንድ ዘፋኝና በአንድ ክላቪር ወይም ፒያኖ የሚቀርቡ፣ ጀርመኖች «ሊድ» የሚሏቸው አጫጭር ዜማዎች ናቸው። አብዛኞቹ የተሠሩበት መንገድ ቀላል ነው። ግጥሙ አምስት አንጓ ቢኖረው ለአምስቱም አንጓ የሚያገለግለው አንድ ዜማ ነው፤ ልዩነቱን የሚያመጣው ዘፋኙ ነው። በሐዘኑ አንጓ ድምፁን ያለዝባል፣ በደስታው አንጓ ያፈጥናል። እንግዲህ የዜማው ደራሲ ገጣሚውን አይጫነውም፤ ቃሉ እንዲሰማ መንገዱን ይጠርግለታል እንጂ።

ይህ አሠራር አንድን ታላቅ ሰው እጅግ ደስ አሰኘው። እርሱም የጀርመን ሥነ ጽሑፍ ራስ የሆነው ባለቅኔው ጌተ ነው። ጌተ የጼልተርን ዜማዎች በ1796 አይቶ ወደዳቸው፤ በ1799 መጻጻፍ ጀመሩ፤ በ1802 ደግሞ ጼልተር ጌተ ወደሚኖርበት ወደ ቫይማር ሄዶ ፊት ለፊት ተገናኙ። ደብዳቤው ከ1799 አንሥቶ ሠላሳ ሁለት ዓመት ሙሉ አልተቋረጠም። አንደኛው ሚኒስትርና በዓለም የታወቀ ጸሐፊ፣ ሁለተኛው ግንበኛ፤ የሚጻጻፉት ግን ስለ ዜማ፣ ስለ ቲያትር፣ ስለ ሕንፃ፣ ስለ ምግብ፣ ስለ ሰው ጠባይ ሁሉ ነበረ።

ስለ ወዳጅነታቸው አንድ ነገር ልንገራችሁ። በጀርመንኛም እንደ እኛ ቋንቋ «አንተ» እና «እርስዎ» አለ። ሁለቱ ሰዎች ብዙ ዓመት የተጻጻፉት በ«እርስዎ» ነበር። በ1812 መጨረሻ ላይ የጼልተር የእንጀራ ልጅ ሕይወቱን በገዛ እጁ አጠፋ። ጼልተር ልጁን እንደ አብራኩ ክፋይ አድርጎ ያሳደገው ነበርና ልቡ ተሰብሮ ለጌተ ጻፈለት። የጌተ መልስ ሲመጣ በውስጡ «እርስዎ» የሚል ቃል አልነበረም፤ ከመጀመሪያው እስከ መጨረሻው «አንተ» የሚል ነበረ። ጌተ በጎልማሳነቱና በእርጅናው ዘመን ይህን ቃል የፈቀደላቸው አዲስ ወዳጆች እጅግ ጥቂት ናቸው። የማጽናኛ ቃል ብዙ ዓይነት አለው፤ ይህ ግን ማዕረግን ጥሎ አጠገብ መቀመጥ ነው። ትርጉሙን ለአማርኛ አንባቢ ማብራራት አያስፈልግም።

የማመልከቻው ዕድሜ

በመሥሪያ ቤት ለምትሠሩት አንባቢዎቻችን ደግሞ ይህ ክፍል ሳይጥማችሁ አይቀርም።

ጼልተር በ1803 ለፕሩሲያ መንግሥት ሹማምንት ማስታወሻ ጽፎ አቀረበ። ሐሳቡ በአጭሩ ይህ ነው፤ ዜማ የመዝናኛ ነገር ብቻ ተደርጎ መታየት የለበትም፤ ሕዝብን የሚያንጽ ትምህርት ነውና መንግሥት ሊያስብለት፣ መምህር ሊያሠለጥንለት ይገባል። ማስታወሻው ቀረበ፣ ተነበበ፤ ነገሩ ግን ወዲያው አልተፈጸመም።

ከዚያ ክፉ ዘመን መጣ። በ1806 ሚስቱ ዩልያነ ሞተችበት፤ እርስዋ ራስዋ በማኅበሩ ውስጥ የታወቀች ዘማሪ ነበረች። በዚያው ዓመት መከር ላይ የናፖሊዮን ጦር በርሊንን ያዘ። ጼልተር በወረራው ጊዜ የከተማይቱን አስተዳደር እንዲመሩ ከተመረጡት ነዋሪዎች አንዱ ሆነ። ሐዘን በቤቱ፣ የጠላት ጦር በከተማው፣ ኃላፊነት በትከሻው ነበረ። ሆኖም በ1807 ለዜማ መሣሪያ ተጫዋቾች የሚሆን የልምምድ ትምህርት ቤት ከፈተ። በ1809 ደግሞ «ሊደርታፌል» የሚባለውን፣ ወደ እኛ ቋንቋ ሲመለስ «የዜማ ማዕድ» ሊባል የሚችለውን ማኅበር አቋቋመ። ሃያ አምስት የሚሆኑ ወንዶች በአንድ ማዕድ ዙሪያ ተቀምጠው ይበላሉ፣ ይዘምራሉ። ወደዚህ ማኅበር የሚገባው ግን ገጣሚ፣ ዘፋኝ ወይም የዜማ ደራሲ የሆነ ብቻ ነበረ፤ የሚዘመረውን እነርሱው ያዘጋጃሉ። ከዚህ በኋላ በጀርመን ከተሞች የተነሡት የወንዶች የመዝሙር ማኅበሮች ብዙዎቹ አርአያ ያደረጉት ይህን ማዕድ ነው።

በዚያው በ1809 መንግሥት ጼልተርን በሥነ ጥበብ አካዳሚ የዜማ ፕሮፌሰር አድርጎ ሾመው። በ1822 ደግሞ የቤተ ክርስቲያን ኦርጋን መቺዎችንና የትምህርት ቤት የዜማ መምህራንን የሚያሠለጥን ንጉሣዊ ተቋም በበርሊን ተከፈተ፤ የመጀመሪያው አስተዳዳሪም ጼልተር ሆነ። አስሉት እንግዲህ፤ ማስታወሻው የቀረበው በ1803፣ የመምህራኑ ማሠልጠኛ የተከፈተው በ1822፤ ዐሥራ ዘጠኝ ዓመት ማለት ነው። «ነገ ተመለስ» መባል ያሰለቻችሁ ወጣቶች ይህን ቁጥር አስታውሱት። ደግሞም ሰውየው በእነዚህ ዐሥራ ዘጠኝ ዓመታት መልስ እየጠበቀ አልተቀመጠም፤ መንግሥት እስኪከፍትለት ድረስ የሚቻለውን ያህል ራሱ እየከፈተ ቆየ።

ልጁና ሽማግሌው

በ1819 ገደማ አንድ የበርሊን የባንክ ባለቤት ሁለት ልጆቹን ለትምህርት ወደ ጼልተር ሰደዳቸው። ሴቲቱ ፋኒ፣ ወንዱ ፌሊክስ ይባላሉ፤ የቤተሰባቸው ስም ሜንደልሶን ነው። ፌሊክስ ያን ጊዜ ዐሥር ዓመቱ ነበረ።

ጼልተር ያስተማራቸው ከፋሽና ከፋሽ በፊት ከነበሩት ሰዎች የወረሰውን ጥብቅ ትምህርት ነው። በመጀመሪያ ከታች ያለውን የመሠረት ድምፅ መሥራት፤ ቀጥሎ በአራት ድምፅ የሚዘመረውን የቤተ ክርስቲያን መዝሙር ማቀናጀት፤ ከዚያም አንዱ ድምፅ የጀመረውን ሌላው እየተቀበለ የሚሄድበትን፣ «ፉጋ» የሚባለውን አሠራር መለማመድ ነው። በመሠረት የሚጀምር፣ ድርድሩን የሚከተል፣ ጣራውን ለመጨረሻ የሚያቆይ ትምህርት ነው። ሁለቱን ልጆች በ1820 ወደ መዝሙር ማኅበሩ አስገባቸው።

በኖቬምበር 1821 ጼልተር የዐሥራ ሁለት ዓመቱን ፌሊክስ ይዞ ወደ ቫይማር ሄደ። ጌተ ያን ጊዜ ሰባ ሁለት ዓመቱ ነበረ። ልጁ ሁለት ሳምንት ያህል በጌተ ቤት ሰነበተ፤ የባኽን ፉጋ እየመታ አሰማ፤ የሞጻርትና የቤትሆቨን የእጅ ጽሑፍ ቀርቦለት ከዚያው ላይ እያነበበ መታ። የቤትሆቨን ጽሑፍ ለማንበብ አስቸጋሪ መሆኑን የሚያውቅ ሰው የልጁን ችሎታ ይገምት። የጼልተርንም ደስታ ገምቱ፤ በሕይወቱ ያገኘውን ታላቅ ተማሪ፣ በሕይወቱ ላገኘው ታላቅ ወዳጅ ሲያሳይ።

ይሁን እንጂ አንባቢዎቼ ሆይ፣ ሰውን ስናመሰግን ጉድለቱን መሸፈን የለብንም። ጼልተር አፈ ሻካራ ሰው ነበረ። ፈረንሳዊው ወጣት ቤርልዮዝ በ1829 በጌተ «ፋውስት» ላይ የደረሰውን ዜማ ለጌተ ሲልክለት፣ ጌተ ዜማውን ጼልተር እንዲያየው ላከለት። ጼልተር እጅግ ጸያፍ በሆነ ቃል ነቀፈው፤ ጌተም ለወጣቱ ሳይመልስለት ቀረ። ሁለቱ ሽማግሌዎች አዲሱ ዘመን ሲመጣ አላወቁትም። ከዚያ በፊትም በ1816 የሹበርት ዜማዎች ለጌተ ተልከው መልስ ሳያገኙ ቀርተዋል፤ ጌተ አንድ ዜማ ለሁሉም አንጓ የሚለውን የጼልተርን መንገድ የለመደ ነበረና። ዛሬ ግን ዓለም በጌተ ግጥም ላይ የሚዘፍነው አብዛኛውን የሹበርትን እንጂ የጼልተርን አይደለም።

ከዚህ የከፋም አለ። ጼልተር ለጌተ በጻፋቸው ደብዳቤዎች ውስጥ የገዛ ተማሪውን የሜንደልሶንን አይሁዳዊ ትውልድ የሚያንቋሽሽ ቃል አለበት። ደብዳቤዎቹ ሁለቱም ከሞቱ በኋላ በ1833ና በ1834 ሲታተሙ የሜንደልሶንን ቤተሰብ እጅግ አሳዘኑ። በልጁ እጅ የሚኮራ መምህር በልጁ ዘር ላይ እንዲህ ማለቱ የሚያሳፍር ነው።

ማርች 11 ቀን 1829

አሁን ወደ ታሪኩ ፍሬ ደርሰናል። ዮሐን ዜባስቲያን ባኽ በ1750 ሲሞት ታላላቅ የመዝሙር ሥራዎቹ እምብዛም የማይሰሙ ሆነው ነበር። የክላቪር ሥራዎቹን ባለሙያዎች ይማሩባቸው ነበር እንጂ፣ ለሕዝብ የሚዘምርለት ጥቂት ነው። ፋሽና ጼልተር ግን የባኽን የእጅ ጽሑፎች ሲያገኙ ያስቀምጡ ነበር፤ ከአዋቂ ቤተሰቦችም በስጦታ ይቀበሉ ነበር። የሜንደልሶን አባት እንኳ የባኽን ጽሑፎች ገዝቶ ለማኅበሩ ሰጥቷል። ጼልተርም በየዓርቡ ጥቂት ዘማሪዎችን እየሰበሰበ የባኽን ሥራ ያለማምድ ነበር።

ለሕዝብ ማቅረቡን ግን ፈራው። ሥራው ረጅም ነው፣ ከባድ ነው፣ አሮጌ ነው፤ ሰው አይሰማውም ብሎ ያምን ነበር። አንዳንዱንም ለጆሮ እንዲቀልል ብሎ ከራሱ ይለዋውጠው ነበር።

በ1829 መጀመሪያ ላይ የሃያ ዓመቱ ሜንደልሶንና ወዳጁ ዘፋኙ ኤዱዋርት ዴቭሪየንት ወደ ጼልተር ቤት መጡ። የባኽን «ሕማማት በማቴዎስ ወንጌል መሠረት» በማኅበሩ ዘማሪዎችና በማኅበሩ አዳራሽ ለሕዝብ ለማቅረብ ፈቃድ ጠየቁ። ጼልተር እየዞረ ተቈጣቸው፤ ታላላቆች ያልደፈሩትን እናንተ ልጆች ልትሠሩት ነው ወይ ብሎ ገሠጻቸው። ዴቭሪየንት በኋላ እንደ ጻፈው፣ ሜንደልሶን ነገሩ ያበቃ መስሎት እጁን በበሩ መያዣ ላይ አድርጎ ነበር። ዴቭሪየንት ግን ጸንቶ ተከራከረ፤ «ይህን ለመድፈር የበቃነው እርስዎ ስላስተማሩን ነው» የሚል መንፈስ ያለው ነገር እየተናገረ ለመነ። ሽማግሌው ቀስ በቀስ ለዘበ፤ በመጨረሻም ፈቀደ። መፍቀድ ብቻም ሳይሆን ዘማሪዎቹን አመቻቸላቸው፤ መሪነቱንም ለልጁ ተወለት።

ማርች 11 ቀን 1829 አዳራሹ ጢም ብሎ ሞላ፤ መግቢያ አጥቶ የተመለሰውም ብዙ ነበረ። ንጉሡ መጣ፤ ፈላስፋው ሄገል መጣ። ፋኒ ከዘማሪዎቹ መካከል ቆመች፤ ዴቭሪየንት የክርስቶስን ቃል ዘመረ፤ ፌሊክስ መራ። ከባኽ ሞት ወዲህ ያልተሰማው ዜማ በዚያ ምሽት ተሰማ። በማርች 21 ተደገመ። ለሦስተኛ ጊዜ በስቅለት ቀን ሲቀርብ ሜንደልሶን ወደ እንግሊዝ አገር ሄዶ ስለ ነበር የመራው ጼልተር ራሱ ነው። ባኽን ዓለም እንደ ገና ያገኘው ከዚያ ምሽት ጀምሮ ነው ይባላል።

እንግዲህ ክብሩ የማን ነው? መጽሐፎች «የሜንደልሶን» ይላሉ፤ እውነትም ነው፤ ሽማግሌው የፈራውን ወጣቱ ደፍሯልና። ነገር ግን ያን ምሽት የቆሙት ዘማሪዎች ያን ከባድ ዜማ በሁለት ወር ልምምድ ሊደፍሩት የቻሉት በየማክሰኞው ሲታነጹ ስለ ኖሩ ነው። ወጣቱም ፉጋ የተማረው ከሽማግሌው ነው። ጼልተር የሠራው ቤት ውስጥ ሌላ ሰው ገባበት። የግንበኛ ዕድል ሁልጊዜም እንዲሁ ነው።

ከሞቱ በኋላ

ጌተ በማርች 22 ቀን 1832 ሞተ። ጼልተርም ሁለት ወር ሳይሞላው በሜይ 15 ቀን በሰባ ሦስት ዓመቱ ተከተለው፤ በበርሊን በዞፊያ ቤተ ክርስቲያን ግቢ ተቀበረ። በጃንዋሪ 1833 የማኅበሩ አባላት አዲስ መሪ ለመምረጥ ተሰበሰቡ። ሜንደልሶን ቢወዳደርም 148 ለ88 በሆነ ድምፅ ተሸነፈ፤ ለብዙ ዓመታት የጼልተር ረዳት የነበረው ሩንገንሃገን ተመረጠ። ሜንደልሶን ከዚያ በኋላ የላቀውን ሥራውን የሠራው በላይፕጺኽ ከተማ ነው።

ስለዚያ የእጅ ጽሑፍ ሣጥን ደግሞ ይህን ስሙ። በሁለተኛው የዓለም ጦርነት ጊዜ የማኅበሩ ቤተ መጻሕፍት ከቦምብ እንዲድን ከበርሊን ወጥቶ ነበር። ከጦርነቱ በኋላ የት እንደ ደረሰ ሳይታወቅ ሃምሳ ዓመት አለፈ፤ ብዙ ሰውም ጠፍቷል ብሎ ተስፋ ቈረጠ። በ1999 በዩክሬን ዋና ከተማ በኪየቭ ተገኘ። የሶቪየት ጦር ወስዶት ኖሮ፣ ወደ አምስት ሺህ የሚጠጋ ጽሑፍ፣ ከመካከሉም የባኽ ልጆች ሥራዎች፣ ታሽጎ ተቀምጦ ነበር። በ2001 ወደ በርሊን ተመለሰ። ጼልተር የሰበሰበው ነገር ከሞተ ከመቶ ስልሳ ዘጠኝ ዓመት በኋላ እንደ ገና ለተማሪ ተከፈተ።

ተማሪዎችና ወጣት የመንግሥት ሠራተኞች ሆይ፤ ከእናንተ መካከል ሜንደልሶን የሚሆን ይኖር ይሆናል፤ እኛም እንመኝለታለን። አብዛኛው ሰው ግን ሜንደልሶን አይሆንም፤ ጼልተር ለመሆን ግን ብዙው ሰው ይችላል። ለዚህ የሚያስፈልገው የቀኑን ሥራ በሚገባ መሥራት፣ ከመምህር የተቀበሉትን ሳያጎድሉ ለተከታይ ማስረከብ፣ ማክሰኞ ሲመጣ ደግሞ በሰዓቱ መገኘት ነው። ከሁሉ የሚከብደው ግን ጼልተር በዚያ ቀን ያደረገው የመጨረሻው ነገር ነው፤ በቁጣ ከተናገሩ በኋላ፣ ወጣቱ የበሩን እጀታ ሳይለቅ፣ ሐሳብን ለውጦ «እሺ፣ ሥሩ» ማለት።